ቫዝሊኑን ያለ ጥፋቱ አትክሰሱት

ሰሞኑን ሦስት እናቶች በተለያየ ቀን መጥተው ያንኑ አንድ ጽሑፍ ከስልካቸው ከፍተው አሳዩኝ። ሦስተኛዋ ከማሳየት አልፋ ግማሹ ያለቀ የቫዝሊን ብልቃጥ ባንኮኒው ላይ አስቀመጠችና «ገንዘቤን ይመልሱልኝ» አለች። ጽሑፉ የሚለው ባጭሩ ይህ ነው፦ ደረቅ ቆዳ ወይም ችፌ ያለባቸው ሰዎች የሚቀቡት ክሬም፣ ሎሽንና ቫዝሊን ቆዳን ያፍናል፤ ሱስ ያስይዛል፤ ያጠቁራል፤ ከነዳጅ ስለሚሠራ ካንሰር ያመጣል፤ ከንቱ መሆኑንም የአውሮፓ ጥናት አረጋግጧል። ስለዚህ በቀን ሁለት ጊዜ በሳሙና ታጥበን ወደ አያቶቻችን ቅቤ እንመለስ ይላል።

ጸሐፊውን አላውቃቸውም። አማርኛቸው ያማረ ነው፤ ያሳሰበኝም እሱ ነው። ጎንደር ውስጥ መድኃኒት ቤት ስሠራ አሥራ አራተኛ ዓመቴን ይዣለሁ። ከተማችን ከባሕር ወለል በላይ ከ2,100 ሜትር ከፍ ብላ ያለች ናት። ክረምቱ ከወጣ በኋላ ቀን ፀሐዩ ያቃጥላል፣ ሌሊት ብርዱ ይገርፋል፣ ነፋሱም ደረቅ ነው። በጥምቀት ማግስት ፋሲል መዋኛ ገብተው የወጡ ወጣቶች ክንዳቸው አመድ የተነሰነሰበት መስሎ ይመጣሉ። በዚህ አገር፣ በዚህ ወቅት ሰውን ቅባቱን ጣል ማለት ቀላል ነገር አይደለምና ነጥቦቹን ልከተላቸው።

«ቆዳ ይተነፍሳል፣ ቅባት ያፍነዋል» ላሉት ብዙ አልደክምም። የምንተነፍሰው በሳንባችን ነው፤ ክንዱን ቫዝሊን ተቀብቶ ትንፋሽ ያጠረው ሰው ገጥሞኝ አያውቅም። ከአባባሉ የምትተርፍ አንዲት እውነት አለች። ፀጉር ያለበትን ቦታ ወፍራም ቅባት እየፈተጉ ቢቀቡት፣ በተለይ በሙቀት፣ ትናንሽ ብጉር ይወጣል። ፀጉሩ ወደሚተኛበት አቅጣጫ ብቻ እያለሰለሱ መቀባት፣ ቀን ቀለል ያለ ክሬም ተጠቅሞ ቫዝሊኑን ለማታ ማቆየት ይበቃል።

የሱሱ ነገር ግን መልስ ይፈልጋል፤ ብዙ ሰው ያምነዋልና። «ቅባት የለመደ ቆዳ ይሰንፋል፣ የራሱን ወዝ ማውጣት ያቆማል» ይላሉ። የፋሲልን ግንብ በቅርብ ያየ ሰው ድንጋዩ ብቻውን እንዳልቆመ ያውቃል። በየድንጋዩ መካከል ኖራ አለ። የቆዳችን የላይኛው ሽፋንም እንዲሁ ነው። ድንጋዮቹ የሞቱ ሕዋሳት ናቸው፤ በመካከላቸው ያለው ኖራ ደግሞ ቅባት ነው። ችፌ ያለበት ሰው ኖራው የረገፈበት ግድግዳ አለው ማለት ነው። ከውስጥ ውሃው ይተንናል፤ ከውጭ ሳሙናው፣ አቧራው፣ ተሕዋሲያኑ ይገባሉ። ያኔ ቆዳው ይቆጣል፣ ያሳክካል፤ ሲታከክ ደግሞ የቀረው ኖራ ይረግፋል። እ.ኤ.አ. በ2006 ተመራማሪዎች ይህን ሽፋን የሚያጠነክር ፊላግሪን የተባለ ፕሮቲን በዘር ጉድለት ሲያንስ ችፌ እንደሚበዛ አሳይተዋል። በኢትዮጵያውያን ሕሙማን ላይ ተሠርቶ እ.ኤ.አ. በ2011 የታተመ ጥናት ግን በአውሮፓውያን ዘንድ የተለመዱትን እነዚያን ጉድለቶች አላገኘም። የእኛን ሰው ግድግዳ የሚያፈርሰው ሌላም ነገር አለ ማለት ነው። ማለስለሻ ቅባት፣ ማለትም ክሬሙ፣ ሎሽኑና ቫዝሊኑ፣ የረገፈውን ኖራ ለጊዜው ይተካል። ሲቀር ድርቀቱ የሚመለሰው በሽታው ስላለ ነው። ጋቢውን ሲያወልቅ የበረደውን ሰው የጋቢ ሱሰኛ ብሎ የጠራው አለ?

በቀን ሁለት ጊዜ በሳሙና ታጠቡ የሚለው ምክር ደግሞ ውሃ በፈረቃ ለሚመጣበት ከተማ መጻፉን ጸሐፊው የረሱት ይመስለኛል። ከውሃው ይልቅ የሚከፋው ሳሙናው ነው። ጤነኛ ቆዳ ትንሽ ወደ አሲድ ያደላል፤ የአሲድነት ልኬቱ (ፒኤች) 5 አካባቢ ነው፤ ቁጥሩ ሲጨምር አሲድነቱ ይቀንሳል። ተራ ሳሙና ከ9 በላይ ነው። በየቤቱ ልብስ የታጠበበት ሳሙና ለሕፃን ገላም እንደሚውል ደግሞ ሁላችንም እናውቃለን። ችፌ ላለበት ልጅ ለብ ያለ ውሃ፣ አጭር ጊዜ፣ ሳሙና ለብብት፣ ለመቀመጫና ለቆሸሸ ቦታ ብቻ ይበቃል። ከዚያ በፎጣ ሳይፈትጉ ማድረቅና እርጥበቱ ሳይለቅ በሁለትና በሦስት ደቂቃ ውስጥ መቀባት ነው። ፀበል የሚጠመቁ ደንበኞቼም ይህንኑ ሲጠይቁኝ የምመልሰው አንድ ነው። ቀዝቃዛ ውሃ ያለ ሳሙና ቆዳን ብዙም አይጎዳም፤ ካህኑ ሲፈቅዱላችሁ ቅባቱን ቀቡ እላለሁ። እስካሁን በዚህ የተቆጣኝ የለም።

አሁን ወደ «አውሮፓ ጥናት» ልምጣ። ጽሑፉ ስሙን ባይጠራውም የትኛው እንደሆነ ይገባኛል። እ.ኤ.አ. በ2020 የታተመ የእንግሊዝ ጥናት ነው። 1,394 አራስ ሕፃናት ተመርጠው ግማሾቹ አንድ ዓመት ሙሉ በየቀኑ ማለስለሻ ተቀቡ፣ ግማሾቹ አልተቀቡም። ሁለት ዓመት ሲሞላቸው ችፌ የታየባቸው ከተቀቡት 23 በመቶ፣ ካልተቀቡት 25 በመቶ ነበሩ። ልዩነት የለም ተባለ፤ እንዲያውም የቆዳ ኢንፌክሽን በተቀቡት ላይ በጥቂቱ በዛ። እስከዚህ ጸሐፊው ትክክል ናቸው። ነገር ግን እነዚህ ሕፃናት ሲጀመር ችፌ አልነበረባቸውም። የጥናቱ ጥያቄ «ጤነኛውን ልጅ ቀድመን ብንቀባው በሽታው ይቀራል ወይ?» የሚል ነበር። የታመመውን መቀባት ይጠቅመዋል ወይ ብሎ አልጠየቀም። የታመሙትን በተመለከተ እ.ኤ.አ. በ2017 ሰባ ሰባት ጥናቶችን፣ ከ6,600 በላይ ሰዎችን ያካተተ ግምገማ ወጥቷል። ቅባቱ የበሽታውን ማገርሸት ያዘገያል፣ የቆዳን ቁጣ የሚያበርደውን መድኃኒት፣ የስቴሮይድ ክሬምን፣ ፍላጎትም ይቀንሳል የሚል ነው። በጤነኛ ልጅ ላይ ያልሠራውን ለታመመው ከልክሉ ማለት፣ ጃንጥላ ዝናብ አያስቀርም ብሎ በሐምሌ ራቁት እንደ መውጣት ነው።

ጸሐፊው የልባቸውን ያህል ያልገፉበት፣ እኔ ግን ብዙ የምለው ያለኝ አንድ ዐረፍተ ነገር አላቸው፦ «ዘመዴ ወር ሙሉ ተቀብታ ምንም ለውጥ አላየችም።» አምናለሁ። በየሳምንቱ የምሰማው ቃል ነው። ታዲያ ስንት ተቀባች?

አንድ ቅዳሜ ከደምቢያ ለገበያ የመጣች እናት የሁለት ዓመት ልጇን በአንቀልባ አዝላ ገባች። ልጁ ጉንጩን ከእናቱ ጀርባ ላይ ይፈትጋል፤ የአንቀልባው ጠፍር በሚያርፍበት ጭኑ ላይ ቆዳው ጠንክሮ የዝሆን ቆዳ መስሏል። የክርኑ እጥፋት ተሰነጣጥቋል። «እታለም፣ ቅባት ሰጥተውሽ ነበር?» አልኳት። «ሰጥተውኝ ነበር፣ አልበጀውም» አለች፤ ከመቀነቷ የፈታችው ቱቦ 50 ግራም ነበር። ሁለት ወር ቆይቶ ገና ግማሹ አላለቀም። «እስቲ እንዴት እንደምትቀቢው አሳዪኝ» አልኳት። የሽንብራ ፍሬ የምታህል አወጣችና ሁለቱንም ክንዶቹን በእሷው አዳረሰቻቸው። እጇ ላይ የቀረውን ደግሞ እንዳይባክን የራሷን ተረከዝ ቀባች።

መላ ሰውነቱ የደረቀ ልጅ በሳምንት 250 ግራም ገደማ ያስፈልገዋል፤ አዋቂ እስከ 500 ግራም ይደርሳል። 250 ግራም በሰባት ቀን ሲካፈል በቀን ወደ 36 ግራም ነው። እንደ ማጀት ሰው ካሰብነው ጉብ ያለ ሁለት የሾርባ ማንኪያ መሆኑ ነው። ያቺ ቱቦ በዚህ ሒሳብ ሁለት ቀን አትደርስም፤ እናትየዋ ሁለት ወር አድርሳታለች። የጎንደር ሴት በቁጠባ አትታማም፤ እዚህ ላይ ግን ቁጠባው ልጁን ጎዳው።

ጥፋቱ የእሷ ብቻ አይደለም፤ የእኔም ነበረበት። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ለሁሉም ሰው «ስስ አድርጋችሁ ቀቡ» እያልኩ እልክ ነበር። ስስ ተደርጎ የሚቀባው ስቴሮይዱ ነው። እሱን ከጠቋሚ ጣት ጫፍ እስከ መጀመሪያው መገጣጠሚያ ያህል ብታወጡ ግማሽ ግራም ነው፤ የሁለት መዳፍ ስፋት ያህል ቦታ ያዳርሳል። ማለስለሻው ግን ተቀብቶ ሲያበቃ ማብረቅረቅ አለበት። ሁለቱን በአንድ ቃል ስናገር ስንቱን ሰው ያለ ጥቅም እንዳስቀባሁት እግዜር ይወቀው።

«ታዲያ ይህን ሁሉ በየት ገንዘብ?» ይባላል፤ ጸሐፊውም ስለ ዋጋው ያነሱት ትክክል ነው። ለዚህ ደግሞ ደስ የሚል መልስ አለ። እ.ኤ.አ. በ2022 በ550 የእንግሊዝ ልጆች ላይ ሎሽን፣ ክሬም፣ ጄልና ወፍራም ቅባት ለአራት ወር ያህል ሲነጻጸሩ አንዱ ከሌላው አልበለጠም። የተሻለው ልጁ የሚወደውና ቤተሰቡ ሳይሰለች የሚቀባው ነው። በወርቃማ ክዳን የሚሸጠውን ተዉትና ሽታ የሌለውን ተራ ቫዝሊን በትልቁ እቃ ግዙ። ያቺን እናትም በትልቁ ሰጠኋት፤ በጣቷ እንዳትበክለው በንጹሕ ማንኪያ እየቀዳች፣ ጠዋትና ማታ፣ ልጁ ባይታከክም እንድትቀባው ነገርኳት። ከሦስት ቅዳሜ በኋላ ተመልሳ መጣች። የክርኑ እጥፋት ገና አልጠራም ነበር። «እሱም ተኛ፣ እኔም ተኛሁ» አለችኝ፤ ችፌ ያለበት ልጅ ያለው ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ ይገባዋል።

«ያጠቁራል» የተባለውን በቶሎ ልለፈው ብል አልችልም፤ የእኛን ቆዳ በተለይ ይመለከታልና። የሕክምና መጻሕፍት ችፌን «ቀይ» ይሉታል፤ የተጻፉት ነጭ ቆዳን እያዩ ነው። በጠይም ቆዳ ላይ ቁጣው ግራጫ፣ ወይን ጠጅ ወይም ጥቁር ቡና ይመስላል፤ አንዳንዴም በየፀጉሩ ሥር የተበተነ ትንንሽ ፍርፍር ሆኖ ይወጣል። ቁጣው ሲበርድ ቦታው ጠቁሮ ወይም ነጥቶ ይቀራል፤ ለመመለስ ወራት ይፈልጋል። ቅባቱ የሚጀመረው በቁጣው ጊዜ ነው፤ ጥቁረቱ የሚታየው ቁጣው ሲያልፍ ነው። ሰው ሁለቱን ያገናኝና ቅባቱን ይከሳል። ነጣ ያለውንም «ለምጽ ሆነብኝ» ብለው ደንግጠው የሚመጡ አሉ።

ስለ ነዳጁ፦ ቫዝሊን ከድፍድፍ ነዳጅ መውጣቱ እውነት ነው። ሮበርት ቺዝብሮ የተባለ አሜሪካዊ ኬሚስት በነዳጅ ጉድጓድ መሣሪያዎች ላይ ተጣብቆ ከሚቀር ዝቃጭ አጥርቶ አውጥቶ እ.ኤ.አ. በ1872 የባለቤትነት መብት አገኘበት። በየቀኑ በማንኪያ ይበላው ነበር ይባላል፤ የኖረውም 96 ዓመት ነው። ብሉት አልላችሁም። ካንሰር አምጪ ቆሻሻ የሚገኘው ባልተጣራው ውስጥ ነው፤ ለመድኃኒትነት የሚቀርበው ተጣርቶ ነው። ስለዚህ ስምና ቀን የሌለበትን፣ በየላስቲኩ ተመዝኖ የሚሸጠውን አትግዙ። ይህን ቢሉ ኖሮ ከጸሐፊው ጋር እጨባበጥ ነበር።

ቅቤውን በተመለከተ ክርክሬ ከአያቶቻችን ጋር አይደለም። የራሴን እናት ፀጉር ቅቤ ተቀብታ፣ ፀሐይ ላይ ተቀምጣ፣ በግንባሯ ሲወርድ እያየሁ ነው ያደግኩት። ጤነኛ ቆዳና ፀጉር ላይ ማን ይከለክላል? የተሰነጠቀ፣ የሚደማ የሕፃን ቆዳ ላይ ግን ቅቤ ውስጥ የቀረው ወተት ይበላሻል፤ የወተቱ ፕሮቲንም በተከፈተው ግድግዳ ገብቶ ሰውነትን አለርጂ ሊያስተምር ይችላል። ሌላ የጠቆሙት የወይራ ዘይትም እንዳሰቡት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2013 የታተመ የእንግሊዝ ጥናት የወይራ ዘይት የቆዳውን ሽፋን እንደሚያላላ፣ የሱፍ ዘይት ግን ሽፋኑን እንደማይጎዳው አሳይቷል። ውዱ ዘይት ጎዳ፣ ርካሹ ተሻለ፤ ነገሩ አያስቅም?

የጽሑፉን ትልቁን ስሕተት ያገኘሁት ከቃላቱ ሳይሆን ከሥዕሉ ነው። «ቅባት ያመጣው ጉዳት» ተብሎ ፊቷ የተቃጠለ ሴት ምስል ተለጥፏል፤ ከጎኑ ቱቦ አለ። ምስሉን በስልኬ አሰፋሁት። ቱቦው ላይ የተጻፈው ክሎቤታዞል ነው። ከሚቀቡ ስቴሮይዶች እጅግ ከባድ ከሚባሉት አንዱ ነው እንጂ ማለስለሻ አይደለም። እውነተኛውን ችፌ ሐኪም ባዘዘው ቦታ፣ ለአጭር ጊዜ ሲቀቡት ያድናል። ፊት ላይ ለወራት ሲቀቡት ግን ቆዳውን ያሳሳል፣ የደም ሥሩን ያወጣል፤ ሲያቆሙት ፊቱ እሳት ይሆናል። እዚህ ከተማ ሱቅ ውስጥ «ፊት ያቀላል» ተብለው ከሚሸጡት አንዳንዶቹ ይህንኑ ይይዛሉ፤ ሌሎቹ ሃይድሮኪኖን የተባለ ቆዳ የሚያነጣ ኬሚካል አለባቸው። የሠርጓ ሰሞን ፊቷን በነጠላ ሸፍና የመጣች ልጅ አስታውሳለሁ። አራት ወር ስትቀባው የቆየችውን ቱቦ አውጥታ «ሎሽን ነው ብለው ነው የሸጡልኝ» አለችኝ። የሸጠላትን ሱቅ አልጠራም። ነገር ግን ያቺ ልጅ የተጎዳችው በስቴሮይድ ነው፤ ጸሐፊው ፍርዱን የሰጡት በቫዝሊን ላይ ነው። ማለስለሻ በደንብ በተቀባ ቁጥር እንዲያውም ክሎቤታዞሉን የመፈለግ ዕድል ይቀንሳል። ሁለቱንም የታዘዛችሁ ደግሞ በመካከላቸው ግማሽ ሰዓት ያህል አቆዩ።

ቅባት የማይፈታውም አለ። ቤተሰቡ በሙሉ ሌሊት ሌሊት የሚታከክ ከሆነ፣ በጣቶች መካከል ሽፍታ ካለ፣ ያ ችፌ ሳይሆን እከክ ሊሆን ይችላል፤ ሁሉም በአንድ ቀን መታከም አለበት። ችፌው ቢጫ ቅርፊት ካበጀና ውሃ ካዘለ ወደ ጤና ጣቢያ ነው። ከንፈሩ ላይ ምች የወጣበት ሰው ችፌ ያለበትን ሕፃን አይሳም፤ ቫይረሱ በዚያ ቆዳ ላይ ሲዛመት ለሕይወት ያሰጋል።

ጸሐፊው ስለ ቅባት አደጋ ያን ያህል ሲጽፉ እውነተኛውን አደጋ ግን ሳይነኩት አልፈዋል። ቅባት የጠጣ ጨርቅ በቀላሉ ይቀጣጠላል። የእንግሊዝ የመድኃኒት ተቆጣጣሪ ስለዚህ እሳት የሚሰጠውን ማስጠንቀቂያ እ.ኤ.አ. በ2018 ፓራፊን (እንደ ቫዝሊን ከነዳጅ የሚወጣ ቅባት) የሌለባቸውን ማለስለሻዎችም እንዲጨምር አድርጎ አስፍቶታል። እዚያ የሚፈራው ሲጋራ ነው። እዚህ ግን ከሰሉ ከረከቦቱ ሥር ነው ያለው፤ መብራት ሲጠፋ ሻማ ይበራል፤ ሌሊት ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ጧፍ በእጅ ይያዛል፣ የነጠላው ጫፍ ደግሞ ከጧፉ አጠገብ ነው። ቅባቱ ጨርቁ ቢታጠብም ሙሉ በሙሉ አይለቅም። ስለዚህ ተቀብታችሁ የምትተኙበት አንሶላና የልጁ የሌሊት ልብስ ለብቻው ይሁን፣ ቶሎ ቶሎም ይታጠብ። ቡና የምታፈላ እናት ክንዷን የምትቀባው ከሰሉ ከጠፋ በኋላ ነው፤ ለቅዳሴ የሚወጣም ያደረበትን ነጠላ ለውጦ ይሂድ።